የወንጪ ሐይቅ ዙሪያ መንገድ

የወንጪ ሐይቅ ዙሪያ መንገድ ከአምቦ በስተደቡብ 30 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቆ በሚገኘው ወንጪ ሐይቅ በእግር፣ በፈረስና በጀልባ የሚኬድበት የጉብኝት መስመር ነው። ወንጪ ወረዳ በአስተዳደር የደቡብ ምዕራብ ሸዋ ዞን ቢሆንም፣ ጎብኚ የሚገባው በምዕራብ ሸዋዋ አምቦ ወይም በወሊሶ በኩል ነው። ግማሽ ቀን የሚበቃው በመሆኑ ልጅም አዛውንትም ይዞ ለሚወጣ ቤተሰብ የተመቸ ነው።

መልክዓ ምድር

ሐይቁ በእሳተ ገሞራ ፍንዳታ በተፈጠረ ጎድጓዳ ውስጥ የተኛ ነው። የውኃው ገጽ ከባሕር ጠለል በላይ 2,900 ሜትር ገደማ ሲሆን፣ ዙሪያውን የከበበው ተራራ ጫፍ ከ3,300 ሜትር ያልፋል። ስፋቱ 5.6 ካሬ ኪሎ ሜትር ያህል፣ ጥልቀቱ ደግሞ ከ100 ሜትር በላይ ነው። በምሥራቅ በኩል የሚጎራበተው ደንዲ ሐይቅም እንዲሁ የእሳተ ገሞራ ልጅ ነው፤ ከላይ ሲያዩት የስምንት ቁጥር ቅርጽ አለው። ይህ ከፍታ የውኃ መለያያም ነው፦ ከወንጪ የሚወጣው ውኃ በዋልጋ ወንዝ በኩል ወደ ኦሞ ሲወርድ፣ አምቦን አቋርጦ የሚያልፈው ሁሉቃ በጉደር አድርጎ ዓባይን ይቀላቀላል።

ጉዞው

ጉዞው ከተራራው ጠርዝ ይጀምራል። መንገዱ በገብስ ማሳ፣ በጽድና በኮሶ ዛፎች መካከል እየተጠማዘዘ ይወርድና በእንሰት የተከበቡ ቤቶችን አልፎ ሐይቁ ዳር ያደርሳል። ከዚያ በጀልባ ወደ ደሴቱ ይሻገራሉ፤ በደሴቱ ላይ የቂርቆስ ገዳም አለ። ወደ ቤተ ክርስቲያኑ የሚገባ ጫማውን ያወልቃል፣ ሴቶች ነጠላ ይለብሳሉ።

ከማዶ ያለው ሸለቆ ፍል ውኃና የማዕድን ውኃ የሚፈልቅበት ነው። ምንጩ እየተንተከተከ ይወጣል፤ ውኃው የሚፈስበት ድንጋይ ዝገት የመሰለ ቀይ ቀለም ይዟል፣ ብረት ስላለበት። አምቦ ላይ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ከ1930 ጀምሮ በጠርሙስ የሚታሸገውን ውኃ ጠጥቶ ያደገ ልጅ ጋዙን በምላሱ ሲቀምሰው ወዲያው ያውቀዋል።

ለቤተሰብ

ፈተናው መመለሻው ነው። አየሩ ስስ በመሆኑ ደጋ ያልለመደ ሰው ዳገቱ ላይ ቶሎ ትንፋሽ ያጥረዋል። ስለዚህ ቁልቁለቱን በእግር ወርዶ ዳገቱን በፈረስ መውጣት ይመረጣል። ልጅ ፈረስ ላይ ሲቀመጥ ባለፈረሱ ልጓሙን ይዞ ከፊት ይመራል፤ ልጁ ኮርቻውን በሁለት እጁ አጥብቆ ይይዛል።

በብስክሌት ለመሄድ ለሚያስቡ ልብ ሊባል የሚገባው የከፍታው ልዩነት ነው። አምቦ 2,100 ሜትር ገደማ ላይ ስለምትገኝ እስከ ወንጪ ጠርዝ ያለው ዳገት ከ900 ሜትር በላይ ነው፤ ይህ ለልጆች አይሆንም። ብስክሌቱን በመኪና ጭኖ ጠርዙ ላይ ማውረድ ይሻላል፤ ቁልቁለት ከመጀመሩ በፊት ፍሬኑን መፈተሽ ግን ግድ ነው።

በክረምት መንገዱ ይጨቀያል፣ ያንሸራትታልም። ከጥቅምት እስከ ግንቦት ያለው ጊዜ የተሻለ ሲሆን፣ ጠዋት ጠዋት ብርዱ ስለሚጠና ለልጆች ወፍራም ልብስ መያዝ ያስፈልጋል።

የአካባቢው ሰዎች ድርሻ

መንገድ መሪነቱን፣ ፈረሱንና ጀልባውን የያዙት በማኅበር የተደራጁ የአካባቢው ነዋሪዎች ናቸው። ሥራው በተራ ይዳረሳል፤ ዛሬ የመራ ባለፈረስ ነገ ለሌላው ይለቃል። የዚህ ጥቅም ከገቢ በላይ ነው። ገደላማው መሬት ከታረሰና ዛፉ ከተቆረጠ አፈሩ በጎርፍ ተጠርጎ ሐይቁ ውስጥ ይገባል። ዛፉ ቆሞ እንግዳ የሚያመጣለት ገበሬ ግን መጥረቢያውን የማያነሣበት ምክንያት አለው።

በ2012 ዓ.ም. መጨረሻ ይፋ የሆነው የገበታ ለሀገር ፕሮጀክት ወንጪን ከጎርጎራና ከኮይሻ ጋር ለልማት መረጠ። በ2014 ዓ.ም. ደግሞ የዓለም ቱሪዝም ድርጅት ለመጀመሪያ ጊዜ ምርጥ የቱሪዝም መንደሮችን ሲሰይም ወንጪ ከእነዚህ አንዱ ሆነ። ስም ሲገንን እንግዳ ይበዛል፤ እንግዳ ሲበዛ ተራውን መጠበቅ ይከብዳል። የተሻለ መልክ ያለውን ፈረስ ከመምረጥ ይልቅ ተራው የደረሰውን ተቀብሎ የሚሄድ ቤተሰብ፣ ሐይቁን ከሚጠብቁት እንደ አንዱ ይቆጠራል።