አብዬ ተድላ እና የ«ጤዛ» ረዳት ተዋንያን

አብዬ ተድላ የጎንደሩ ተወላጅ ኃይሌ ገሪማ ጽፎ ባዘጋጀው «ጤዛ» ፊልም ላይ ተስፋዬ የተባለውን ገጸ ባሕርይ የተጫወተ ተዋናይ ነው። በዚህ ሚናው እ.ኤ.አ. በ2008 ቱኒዚያ ውስጥ በተካሄደው 22ኛው የካርቴጅ ፊልም ፌስቲቫል የምርጥ ረዳት ተዋናይ ሽልማት አግኝቷል። ስሙ ግን የፊልሙንና የአዘጋጁን ስም ያህል አይነሳም። «ጤዛ»ን አይቶ የወደደ ሰው እንኳ ብዙ ጊዜ «ያ የአንበርብር ጓደኛ» ብሎ ያልፈዋል። (እዚህ የተጠቀሱት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

140 ደቂቃ የሚፈጀው ፊልም የሚጀምረው ከማለቂያው ነው። አሮን አረፈ የተጫወተው ዋናው ገጸ ባሕርይ አንበርብር ጀርመን አገር ሕክምና ተምሮ፣ አንድ እግሩን አጥቶ፣ በ1990 ጣና ዳር ወዳለችው የትውልድ መንደሩ ይመለሳል። ጊዜው የደርግ መጨረሻ ነው። ጦርነቱ ቀርቧል፤ አፈሳን የሸሹ ልጆች ዋሻ ውስጥ ተደብቀዋል። አንበርብር ሌሊት ይቃዣል፤ የሆነውን ሁሉ በቅጡ አያስታውስም። ትዝታው ቁርጥራጭ እየሆነ ሲመለስ፣ ከቁርጥራጩ መካከል ደጋግሞ ብቅ የሚለው ፊት የተስፋዬ ነው።

የአብዬ ተድላ ሥራ የከበደውም እዚህ ላይ ነው። በመንደሩ ታሪክ ውስጥ ተስፋዬ የለም፤ ያ ታሪክ ከመጀመሩ በፊት ሞቷል። ተመልካቹ የሚያውቀው አንበርብር ባስታወሰው ልክ ብቻ ነው። ስለዚህ ተዋናዩ በተቆራረጡ ትዕይንቶች ውስጥ አንድ ሙሉ ሰው ማቆም ነበረበት። በ1970ዎቹ ኮሎኝ ውስጥ የምናየው ተስፋዬ በአብዮት የሚያምን፣ አገሬ ገብቼ ሕዝቤን አገለግላለሁ የሚል የዚያ ዘመን ተማሪ ነው። ጋቢ ከተባለች ጀርመናዊት ልጅ ወልዷል። ካሳንድራ የተባለችው ጥቁር ወጣት፣ አፍሪካውያን አባቶች ጥለዋቸው ስለሚሄዱ ልጆች የምትናገረው ማስጠንቀቂያ በቀጥታ እሱን ይነካዋል። እሱ ግን ንጉሡ ሲወርዱ ልጁንም ጋቢንም ትቶ ወደ አዲስ አበባ ይገባል።

ከዚያ በኋላ ያለው ተስፋዬ ሌላ ሰው ነው። ቃላቱን ይመዝናል፤ በግልጽ መናገር የሚያስከፍለውን ዋጋ አውቋል። አንበርብር ተከትሎት ሲመጣ የጓደኛውን አንደበት ለመግራት የሚጥረው እሱ ነው። መጨረሻው በጭካኔ መገደል ነው። አንበርብር ወደ ምሥራቅ ጀርመን የሚላከውም በሟቹ ጓደኛው ቦታ ነው። የበርሊን ግንብ ከፈረሰ በኋላ ዘረኞች ጥቃት አድርሰውበት እግሩን ያጣል። የዋናውን ገጸ ባሕርይ ዕጣ የወሰነው እንግዲህ የረዳቱ ሞት ነው፤ ተስፋዬን ከታሪኩ ብናወጣው አንበርብር ወደ ጎንደር የሚመለስበት መንገድ ይጠፋል። የካርቴጅ ዳኞች ያከበሩትን ሚና ክብደት የሚያሳየው ይህ ይመስለኛል።

በገጠሩ በኩል የፊልሙን ሸክም የተሸከሙት ሴቶቹ ናቸው። ታከለች በየነ የአንበርብርን እናት ሆና ተጫውታለች። ይህች እናት ስለ ጀርመንም ስለ ርዕዮተ ዓለምም የምታውቀው የለም፤ የምታውቀው ልጇ ሌሊት ሌሊት እንደሚጮኽ ነው። ጋኔን ይዞታል ብላ ወደ ጠበል ታስወስደዋለች። ልጅዋን በገዛ እጇ ገድላለች ተብላ መንደሩ ያገለላትን አዛኑን በቤቷ ያስጠጋችውም እሷው ናት። አዛኑን የተጫወተችው ጠጄ ተስፋሁን ናት። በጣም ጥቂት ትናገራለች፤ ዓይኗና አቀማመጧ ግን የመንደሩን ፍርድ ሁሉ ይናገራሉ። አብዱልን የተጫወተው ውሂብ ባዩ፣ ጋቢን የተጫወተችው ቬሮኒካ አቭራሃምና ካሳንድራን የተጫወተችው አራባ ኤቭሊን ጆንስተን አርተርም ከረዳት ተዋንያኑ ተርታ ይጠቀሳሉ።

ርዕሱም ከዚያው ከገጠሩ የተወሰደ ነው። በሰሜን ጎንደር ክረምት ወጥቶ መስከረም ሲጠባ፣ ከብት ይዞ በጠዋት የወጣ እረኛ እግሩ እስከ ጉልበቱ በጤዛ ይርሳል። ፀሐይ ከፍ ስትል ሣሩ ደርቆ ይገኛል፤ የረሰረሰው እግር ብቻ ያስታውሰዋል። ተስፋዬም በፊልሙ ውስጥ ያለው እንዲሁ ነው።

ኃይሌ ገሪማ ለትንንሽ ሚናዎች እንዲህ መጠንቀቁ ከራሱ ሕይወት ጋር ይያያዛል። የተወለደው በ1946 ጎንደር ውስጥ ሲሆን፣ አባቱ ገሪማ ታፈረ መምህር፣ ጸሐፌ ተውኔትና የ«ጎንደሬ በጋሻው» ደራሲ ነበሩ። በ1967 ትወና ሊማር አሜሪካ፣ ቺካጎ ወደሚገኘው ጉድማን የድራማ ትምህርት ቤት ቢገባም በምዕራባውያን ተውኔቶች ውስጥ የሚሰጠው የበታች ሚና ብቻ ሆነበት። ትወናውን ትቶ ሎስ አንጀለስ ፊልም ተማረ፤ በኋላም በሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ለረጅም ዓመታት አስተማረ። በ1976 በወጣው «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» ውስጥም የሚታየው ይኸው ዓይን ነው። በዚያ ፊልም ገብሩ ካሳ የተጫወተው ከበበ መሬቱን የተነጠቀ፣ መንደሩ እንደ እብድ የሚቆጥረው ሰው ነው፤ እውነቱን በግልጽ የሚናገረውም እሱ ነው።

«ጤዛ» ገንዘብ ፍለጋውን ጨምሮ ከአሥር ዓመት በላይ የፈጀ ሥራ ነው። በ2008 በቬኒስ ፌስቲቫል የዳኞች ልዩ ሽልማትንና የምርጥ ስክሪፕት ሽልማትን ወሰደ፤ በ2009 ደግሞ ዋጋዱጉ ላይ በፌስፓኮ የየኔንጋን የወርቅ ፈረስ አሸነፈ። በሁለቱ መካከል በዋለው የካርቴጅ ፌስቲቫል ፊልሙ የወርቅ ታኒቱን ሲያገኝ፣ ኃይሌ በስክሪፕት፣ ማሪዮ ማሲኒ በቀረጻ፣ ጆርጋ መስፍንና ቪጃይ አየር በሙዚቃ ተሸለሙ። ከተዋንያኑ መካከል በዚያ መድረክ ስሙ ለሽልማት የተጠራው መሪው ተዋናይ ሳይሆን ተስፋዬን የተጫወተው አብዬ ተድላ ነበር።