ኢንዲያን ፑዲንግ፦ የርካሽ ምግብ ውድ ታሪክ

ማሳቹሴትስንና ኮኔቲከትን ጨምሮ ስድስት የሰሜን ምሥራቅ አሜሪካ ግዛቶችን በሚያቅፈው በኒው ኢንግላንድ ከቅኝ ግዛት ዘመን ጀምሮ የሚታወቀው ኢንዲያን ፑዲንግ፣ የበቆሎ ዱቄት በወተት ተገንፍቶ፣ በሞላሰስና በቅመም ከጣፈጠ በኋላ በዝግታ የሚጋገር ምግብ ነው። እንግሊዛውያን ሰፋሪዎች የአገሩን ነባር ሕዝቦች «ኢንዲያን» ይሏቸው ስለነበር፣ ከእነርሱ ያገኙትን የበቆሎ ዱቄትና ከዱቄቱ የተሠራውን ፑዲንግም በዚሁ ስም ጠርተውታል። ምግቡ በቤተሰብ ማዕድ ላይ ቦታ ያገኘው ከሁሉ በፊት በርካሽነቱ ነው፤ የርካሽነቱ ምክንያት ሲመረመር ግን የአንድ ክልል የእርሻና የንግድ ታሪክ አብሮ ይገለጣል።

ሰፋሪዎቹ በእንግሊዝ ሳሉ የስንዴ ዱቄት በፈላ ወተት ወይም ውኃ እያማሰሉ «ሄስቲ ፑዲንግ» የተባለ ገንፎ መሰል ምግብ ያዘጋጁ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1620 በዛሬዋ ማሳቹሴትስ ፕሊመዝ የደረሱት ስደተኞች በተከታዩ ዓመት ጸደይ ቲስኳንተም ከተባለው የነባሩ ሕዝብ ተወላጅ የበቆሎ አዘራር የተማሩ ሲሆን፣ ስንዴያቸው በአዲሱ አፈርና አየር እንደ በቆሎው አልሆነላቸውም። በተለይ ከ1660ዎቹ ወዲህ የግንድ ዋግ ሰብሉን ደጋግሞ ስለመታው፣ ገበሬዎች በሽታው ከባርበሪ ቁጥቋጦ ጋር እንደሚዛመድ በትዝብት ደርሰውበት፣ ኮኔቲከት በ1726 ቁጥቋጦው እንዲወገድ የሚፈቅድ ሕግ አወጣች። የስንዴ ዱቄት በዚህ ሁኔታ ሲወደድ፣ የቆየው አሠራር ሳይለወጥ እህሉ ብቻ በበቆሎ ተተካ።

ማጣፈጫውም እንዲሁ በዋጋ የተመረጠ ነበር። ሞላሰስ የሸንኮራ አገዳ ጭማቂ ፈልቶ ስኳሩ ከተለየ በኋላ የሚቀረው ጥቁርና ወፍራም ፈሳሽ ሲሆን፣ በኢትዮጵያ የሚታወቀው የስኳር ፋብሪካዎች ተረፈ ምርት ሆኖ ነው። የኒው ኢንግላንድ ነጋዴዎች ደረቅ ዓሣና እንጨት ወደ ካሪቢያን ደሴቶች እየላኩ በምትኩ ሞላሰስ ያመጡ ነበር፤ ዝቅተኛ ደረጃ ያለው ዓሣ በሸንኮራ እርሻዎቹ በባርነት ለሚሠሩ አፍሪካውያን ቀለብ ሲሆን፣ ከሞላሰሱ የወጣው ሩም የተባለ አረቄ ከፊሉ ደግሞ በምዕራብ አፍሪካ ዳርቻ ለባሪያ መግዣ ይውል ነበር። የብሪታንያ ፓርላማ በ1733 ከሌሎች መንግሥታት ቅኝ ግዛቶች በሚገባ ሞላሰስ ላይ በጋሎን 6 ፔንስ ቀረጥ ቢጥልም ነጋዴዎቹ በኮንትሮባንድ አመለጡት። በ1764 ቀረጡ ወደ 3 ፔንስ ወርዶ ቁጥጥሩ ሲጠብቅ የተነሣው ቅሬታ፣ ወደ አሜሪካ አብዮት ካመሩት ምክንያቶች አንዱ ሆነ።

አሚሊያ ሲመንስ በ1796 በኮኔቲከቷ ሃርትፎርድ ያሳተመችውና አሜሪካዊ የጻፈው የመጀመሪያው የምግብ አሠራር መጽሐፍ ተብሎ የሚታወቀው ሥራ ለዚህ ፑዲንግ ሦስት ዘዴዎችን ይሰጣል። አንደኛው ሰባት እንቁላልና ዘቢብ የሚጠይቅ የደላው ቤት ምግብ ሲሆን፣ ሁለተኛው እንቁላሉን ወደ ሁለት ቀንሶ በስኳር ወይም በሞላሰስ እንዲጣፍጥና ለሁለት ሰዓት ተኩል እንዲጋገር ያዛል፤ ሦስተኛው ግን ያለ እንቁላል ተለውሶ፣ ውኃ እንዳይገባበት በጨርቅ ወይም በሸክላ ተከድኖ ለ12 ሰዓት ይቀቀላል።

ኋላ በተለመደው አሠራር ወተቱ ይሞቅና ዱቄቱ እንዳይጓጉል ቀስ በቀስ እየተነሰነሰ ይማሰላል፤ ሲወፍር ሞላሰስ፣ ቅቤ፣ ዝንጅብል፣ ቀረፋና ጨው ይጨመርበታል፤ ከዚያም ቅቤ በተቀባ የሸክላ ዕቃ ተገልብጦ 150 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ገደማ በሆነ ለስላሳ ሙቀት ለሁለት ወይም ለሦስት ሰዓት ይጋገራል። ጊዜው የሚረዝመው ሻካራው የበቆሎ ዱቄት ፈሳሹን መጥጦ እስኪለሰልስ ስለሚዘገይ ነው፤ ሙቀቱ የሚለዝበው ደግሞ ወተቱና፣ እንቁላል ከገባበትም እንቁላሉ ተበጣጥሰው ውኃ እንዳይለቁ ነው።

ይህ ዝግታ ቀን ሙሉ እሳት ለማይጠፋበት የጡብ ምድጃ ቤት ተጨማሪ ወጪ አልነበረም። በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ነጭ ስኳር ሲረክስና በጥቂት ደቂቃ የሚደርሱ የታሸጉ ጣፋጮች ገበያ ሲገቡ ግን ስሌቱ ተገለበጠ፤ ፑዲንጉም ከዕለት ማዕድ ወጥቶ በምስጋና ቀን ድግስና በጥቂት ነባር ምግብ ቤቶች ተወሰነ። የኒው ኢንግላንድ ሰዎች ምግቡን የአያቶቻቸው ቁጠባ ምስክር አድርገው ሲያወድሱት ኖረዋል፤ ሆኖም ቁጠባው የተቻለው በቆሎውን ያላመዱት ሕዝቦች መሬታቸውን፣ አገዳውን የቆረጡትና የጨመቁት ባሪያዎች ደግሞ ደመወዝ የሌለው ጉልበታቸውን ስለከፈሉበት ጭምር ነው።