የአሳማ ሥጋ፣ አርሊንግተንና የዐፄ ገላውዴዎስ መልስ

በአርሊንግተንና በአካባቢዋ በምንኖር ኢትዮጵያውያን ዘንድ በቡና ላይ የማይነሣ ጉዳይ የለም። ፖለቲካው፣ የቤተ ክርስቲያኑ ነገር፣ የቤት ዋጋው ሁሉ ይነሣል። የአሳማ ሥጋ ጉዳይ ግን ወይ በሳቅ ይታለፋል፣ ወይ በኩርፊያ ይዘጋል። ነገሩ ቀላል ቢመስልም ቀላል አይደለም። እዚህ ያሳደግናቸው ልጆች ዛሬ የራሳቸውን ትዳር ይዘዋል፤ ከፊሎቹም የተጋቡት ከአሜሪካውያን ጋር ነው። በብዙ አሜሪካውያን የበዓል ገበታ ላይ ደግሞ ከፖም ወይም ከአናናስ ጋር ኦቨን ውስጥ የበሰለ የአሳማ ሥጋ ይቀርባል። በዚህ ምክንያት ልጇ ቤት እህል አልቀምስም ያለች እናት አውቃለሁ። ልጅቱም “እናቴ ተጸየፈችኝ” ብላ ተቀይማለች። ነገርን ከሥሩ፣ ውሃን ከጥሩ ይባላልና እስቲ ከሥሩ እንጀምር። (ዓመቶቹን የምጠቅሰው እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።)

ለመሆኑ እኛ አሳማ የማንበላው ለምንድን ነው? ብዙዎቻችን ፈጥነን ኦሪት ዘሌዋውያንን ምዕራፍ 11 እንጠቅሳለን። እውነት ነው፣ እዚያ ተከልክሏል። ይሁን እንጂ በአገራችን የሥጋ ነገር ከመጽሐፍ ጥቅስ በላይ ነው። ክርስቲያኑ በሥላሴ ስም ባርኮ ያረደውን ሙስሊሙ አይበላም፤ ሙስሊሙ በአላህ ስም ያረደውንም ክርስቲያኑ አይበላም። በሠርግና በለቅሶ ቤት ለየብቻ የሚጣደው ድስት የመጣው ከዚህ ነው። ግመልን እንኳ ሙስሊሙ ሲበላው ክርስቲያኑ ይተወዋል። አሳማን ግን ክርስቲያኑም፣ ሙስሊሙም፣ ቤተ እስራኤሉም አይበላም። ሥጋ በሚለያይባት አገር አሳማ አለመብላት ሦስቱን የሚያመሳስል የጋራ ልማድ ሆኖ ኖረ። ስለዚህ አንዲት እናት የአሳማ ሥጋ አይታ ፊቷን ስታዞር፣ የምትከተለው የኦሪትን ሕግ ብቻ ሳይሆን ያደገችበትን የአገር ወግ ጭምር ነው።

ይህንን በሕግና በልማድ መካከል ያለውን ልዩነት እኔ አልፈጠርኩትም። ከ460 ዓመት በላይ አስቀድመው በጽሑፍ ያስቀመጡት ዐፄ ገላውዴዎስ ናቸው። ንጉሡ በ1540 ዙፋን ሲወርሱ አብዛኛው አገር በኢማም አሕመድ ጦር እጅ ነበር። በ1541 በክሪስቶቮ ዳ ጋማ የሚመሩ 400 ያህል ፖርቱጋሎች ለእርዳታ ገቡ። ዳ ጋማ ራሱ ሕይወቱን አጣ። ኢማሙም በየካቲት 1543 ወይና ደጋ ላይ ወደቁ። ውለታው ከባድ ነበር። የውለታውም ዋጋ ሳይጠየቅ አልቀረም። በ1555 የኢየሱሳውያን ማኅበር ሚስዮናውያን ቤተ መንግሥት ደርሰው ኢትዮጵያውያን ወደ ሮም እንዲገቡ መወትወት ጀመሩ። ክሳቸውም፦ ቅዳሜን ታከብራላችሁ፣ ትገረዛላችሁ፣ አሳማ አትበሉም፣ ስለዚህ ወደ አይሁድነት አዘንብላችኋል የሚል ነበር።

ንጉሡ በዚያው ዓመት በሰኔ ወር በግዕዝ የሃይማኖት መግለጫ ጻፉ። ለሦስቱም ክሶች በየተራ መልስ ሰጡ። ግርዘት በአገራችን ፊትን እንደ መብጣት፣ በሕንድ ጆሮን እንደ መብሳት ያለ የአገር ልማድ እንጂ የሙሴን ሕግ መጠበቅ አይደለም አሉ። ስለ አሳማ ሲመጡ ደግሞ ሐዋርያው ጳውሎስ ለሮም ሰዎች የጻፈውን ምዕራፍ 14 ይዘው፣ የሚበላ ሰው በእኛ ዘንድ እንደማይናቅ፣ የማይበላም ብላ ተብሎ እንደማይገደድ አስረዱ። ይህ ጽሑፍ በ1661 ለንደን ላይ ከጀርመናዊው ሊቅ ከሂዮብ ሉዶልፍ የግዕዝ መዝገበ ቃላት ጋር ታትሞ አውሮፓ አንብቦታል። የኛ ልጆች ግን ስሙን እንኳ አልሰሙም!

ንጉሡ ይህን የጻፉት ባዶ ሜዳ ላይ አልነበረም። አባታቸው ዐፄ ልብነ ድንግል ወደ ፖርቱጋል የላኳቸው አባ ጸጋ ዘአብ በ1527 ሊዝበን ደርሰው ነበር። እዚያም በሥርዓታቸው ምክንያት ለዓመታት ከቁርባን ተከለከሉ። በ1534 ስለ ኢትዮጵያ ሃይማኖትና ልማድ ጽፈው ክርስቲያን ክርስቲያንን እንዲህ ማራቁ እንዳሳዘናቸው ገለጹ። በሰው አገር በልማዱ የተገፋ ኢትዮጵያዊ ታሪክ እንግዲህ ከእኛ አልጀመረም። ማስገደድ ምን እንደሚያስከትልም በኋላ በዐፄ ሱስንዮስ ዘመን ታየ። ቅዳሜና ግርዘት በዐዋጅ ተከለከሉ፤ ብዙ ደም ፈሰሰ፤ በ1632 ዐዋጁ ተሻረ።

አሁን ወደ ቨርጂኒያ እንመለስ። የምንኖርበት ምድር የአሳማ ምድር ነው። እንግሊዞች በ1607 ጄምስታውን ላይ ከሰፈሩ ብዙም ሳይቆዩ አሳማዎቻቸውን ያረቡባት በጄምስ ወንዝ ያለች ሥፍራ እስከ ዛሬ “ሆግ አይላንድ”፣ የአሳማ ደሴት፣ ትባላለች። አሳማ በየጫካው ራሱን መግቦ ስለሚራባ ለድሃ ሰፋሪ ምቹ ነበር። በ1926 ደግሞ የቨርጂኒያ ምክር ቤት የስሚዝፊልድ ሃም የሚለው ስም ለምን ዓይነት ሥጋ እንደሚሰጥ በሕግ ወሰነ። ፖሙም የዚሁ አገር ነው፤ በሼናንዶዋ ሸለቆ የምትገኘው ዊንቸስተር ከ1924 ጀምሮ የፖም አበባ በዓል ታከብራለች። አሳማ የሚታረደው ፖም በሚለቀምበት በመጸው ስለነበር ሁለቱ አንድ ገበታ ላይ ተገናኙ። ጮማውን የፖሙ ኮምጣጣነት ያቀለዋል። እኛ ጮማን በአዋዜና በሚጥሚጣ እንደምናቀለው ማለት ነው።

ምራቴ አሜሪካዊት ናት። እዚሁ አርሊንግተን ቤቷ የአሳማ ሽንጥ ስትሠራ ብዙ ጊዜ አይቻለሁ። ከዋዜማው በጨው፣ በነጭ ሽንኩርትና በጥብስ ቅጠል ታሸዋለች። በማግሥቱ በተቆራረጠ ፖምና ቀይ ሽንኩርት ላይ አድርጋ ኦቨን ውስጥ ትከተዋለች። ድሮ ሰው የሥጋውን ትል ፈርቶ እስኪደርቅ ይጠብሰው ነበር። የአሜሪካ የግብርና መሥሪያ ቤት ግን በ2011 ላልተፈጨ የአሳማ ሥጋ 145 ዲግሪ ፋራናይት፣ ማለትም 63 ሴንቲግሬድ ያህል፣ ከዚያም የሦስት ደቂቃ ዕረፍት ይበቃል ብሎ መመሪያውን አሻሽሏል። እሷም በቴርሞሜትር እየለካች ታወጣዋለች።

እኔ አሳማ አልበላም። አልሞከርኩትም፣ የመሞከር ሐሳብም የለኝም። ምራቴ ይህን ስለምታውቅ የእኔን ፖም ከቀረፋ ጋር በሌላ ድስት ለብቻ ታበስለዋለች። ለእኔ የሚሆነው ዶሮም በሌላ ትሪ ይቀርባል። አንድ ገበታ ላይ ተቀምጠን እሷ የራሷን፣ እኔ የራሴን እንበላለን። ገላውዴዎስን አንብባ አይደለም፤ ያደረገችው ግን እሳቸው ያሉትን ነው።

አንዳንዶች “እንዲህ እየተባለ ባህላችን ሊጠፋ ነው” ይላሉ። ሥጋታቸውን አልንቅም። ነገር ግን ልጅን ከገበታ በማባረር የተጠበቀ ባህል የለም። የተባረረው ልጅ አሳማውን መብላቱን አይተውም፤ የሚተወው እኛን ነው። ወዲህ ደግሞ የማይበላውን ወላጅ “ኋላ ቀር” እያሉ የሚያሾፉ፣ “ትንሽ ቅመሱ፣ ዶሮ ነው” ብለው የሚያታልሉ ወጣቶች አሉ። እነርሱም ሳያውቁት የእነዚያን ሚስዮናውያን ሥራ እየሠሩ ነው። ሰውን ሳያውቅ ማብላት ቀልድ አይደለም፣ ማስገደድ ነው። በተለይ ሙስሊም ወንድምና እህት በተጋበዙበት ቤት፣ የትኛው ድስት ምን እንደያዘ አስቀድሞ መናገር የባለቤቱ ግዴታ ነው።

ባለውለታዎቹ በር ላይ ቆመው ሲጫኑት ልማዱን ያልጣለ፣ ነገር ግን በልማዱ ሌላውን ያልኮነነ ንጉሥ ነበረን። ያቺ እናት ልጇ ቤት ትሂድ፤ የምትበላውን ትብላ፣ የማትበላውን ትተው። ልጅቱም ለእናቷ የተለየ ድስት ትጣድላት።