መቀሱ በማን እጅ ነው?

ሲኒማ ያየ ሰው ተዋናዩን ያስታውሳል፤ ጥቂቱም የአዘጋጁን ስም ይጠይቃል። ፊልሙን ቆርጦ የሚቀጥለውን ሰው፣ ማለትም ኤዲተሩን፣ የሚያውቅ ግን ከስንት አንድ ነው። ይሁን እንጂ ፊልም ሁለት ጊዜ ይሠራል፤ መጀመሪያ በካሜራ፣ ኋላም በመቀስ። ሩሲያዊው ሌቭ ኩሌሾቭ ከመቶ ዓመት በፊት ይህን በሙከራ አሳይቷል። የአንድን ተዋናይ ያልተለወጠ ፊት አንድ ጊዜ ከሾርባ ሳህን፣ ሌላ ጊዜ ከሬሳ ሣጥን ጋር ቀጠለው። ተመልካቹም በዚያው ፊት ላይ መጀመሪያ ረሃብን፣ ቀጥሎም ኀዘንን አነበበ። ፊቱ ያው ነው፤ የተለወጠው ጎረቤቱ ነው።

ይህን ኃይል ጠንቅቀው ከተረዱት የኢትዮጵያ ልጆች አንዱ ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ ናቸው። የተወለዱት በጎንደር በ1946 ነው (ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። አባታቸው አባ ገሪማ ታፈረ የ«ጎንደሬ በጋሻው» ደራሲና የቴአትር ሰው ነበሩ። ልጅየው በ1967 ቴአትር ሊማሩ ወደ ቺካጎ ሄዱ፤ በ1970 ደግሞ ወደ ሎስ አንጀለስ ተሻግረው በካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ሲኒማ ተማሩ። በዚያም እንደ ቻርልስ በርኔት ካሉ ጥቁር ተማሪዎች ጋር ሆነው ከሆሊውድ የተለየ መንገድ ፈለጉ።

«ቡሽ ማማ» በተባለው ፊልማቸው መክፈቻ ላይ የሚታዩት ፖሊሶች ተዋንያን አይደሉም። የፊልሙ ቡድን መንገድ ላይ ሲሠራ እውነተኛ ፖሊሶች አስቁመው ፈተሹት፤ ካሜራው ግን መቅረጹን አላቋረጠም። ሌላ ሰው እንደ ብልሽት ቆጥሮ በጣለው ነበር። እሳቸው የፊልሙ በር አደረጉት።

በ1974፣ የንጉሡ ሥርዓት በሚናወጥበት ወቅት፣ አገር ቤት ገብተው «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን በሁለት ሳምንት ገደማ ቀረጹ። ፊልሙ የታየው በ1976፣ ይህ የእኛ ኡም ጋርጉር በተመሠረተበት ዓመት ነው። ጥቁርና ነጭ ነው፤ ከሁለት ሰዓት በላይ ይፈጃል። የገበሬው ድካም እንዲሰማን ሲል አይቸኩልም።

ከ1975 ጀምሮ በዋሽንግተን ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ እያስተማሩ ሥራቸውን ቀጠሉ። ስለ ባርነት የሚተርከውን «ሳንኮፋ»ን (1993) ራሳቸው ኤዲት አደረጉት። አከፋፋዮች አንቀበልም ባሏቸው ጊዜ ሲኒማ ቤት ተከራይተው ለሕዝብ አሳዩት። ከውጭ አገር ተምሮ ወደ መንደሩ የተመለሰ ሰው ታሪክ የሆነውን «ጤዛ»ን ደግሞ ከሎረን ሃንኪን ጋር ኤዲት አደረጉ። የዋና ባለታሪኩ ትዝታ እንደተቆራረጠ ሁሉ ፊልሙም ከዘመን ወደ ዘመን ይዘልላል። በ2008 በቬኒስ የዳኞች ልዩ ሽልማትን፣ በ2009 በዋጋዱጉ ታላቁን ሽልማት አገኘ።

ይህን ታሪክ የማነሣው ለጎንደር ልጅ ለመመካት ብቻ አይደለም። ባለፈው ዓመት ካሜራ የያዘ እንግዳ እኔ ዘንድ መጥቶ ነበር። ስለ መምህራን ማሠልጠኛ ኮሌጅ ዘመኔ፣ እዚህም ስለማስተምራቸው ሕፃናት አንድ ሰዓት ያህል ነገርሁት። ኋላ በሰው ስልክ ላይ ሳየው በውሃ ሰልፍ ላይ ቆሜአለሁ፤ ድምፄ የለም፤ የሚያስለቅስ ሙዚቃ ብቻ ይሰማል። ሰውየው አልዋሸም፤ ጄሪካኑም የእኔው ነው። ግን ፊቴን ከጄሪካን ጋር ቀጠለው፤ ከጥቁር ሰሌዳ ጋር ሊቀጥለው ይችል ነበር።

ወገኖቼ፣ ካሜራ የለንም። እስክሪፕቶና ይህች ገጽ ግን አሉን። ለሚቀጥለው እትም እያንዳንዳችሁ ከስደት ሕይወታችሁ አንዲት ቀን መርጣችሁ ጻፉ። ከዚያች ቀን የቱ እንደሚቆረጥና የቱ እንደሚቀር የምትወስኑት እናንተው ናችሁ።