መቀስ የያዘው ሰው

የዐፄ ኃይለ ሥላሴ አወዳደቅ በተወሳ ቁጥር ጃንሆይ፣ ደርግና ጆናታን ዲምብልቢ የተባለው እንግሊዛዊ ጋዜጠኛ ይነሣሉ። አንድ ሰው ግን ሁልጊዜ ይዘነጋል። እርሱም መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን የታየውን ፊልም ቆርጦ የቀጠለው ኤዲተር ነው። በእኔ እምነት የዚያን ሰው ሥራ ሳንመረምር የአብዮቱን ዋዜማ በቅጡ ተረዳን ማለት አንችልም።

ነገሩ የሚጀምረው በወሎ ነው። ዲምብልቢ የወሎን እልቂት ሲቀርጽ የ29 ዓመት ወጣት ነበር። «ያልታወቀው ረኃብ» የተሰኘው ዘገባው ጥቅምት 8 ቀን 1966 ዓ.ም. በብሪታንያ ቴሌቪዥን ታየ፤ ተመልካቹ ደነገጠ፣ እርዳታም ጎረፈ። የሟቾቹ ቁጥር እንደ ገማቹ ይለያያል፤ ከ40,000 እስከ 200,000 ይደርሳል። የአገሩ ሕዝብ ግን ምስሉን በቴሌቪዥኑ ያየው አንድ ዓመት ሊሞላው ጥቂት ሲቀረው ነው፤ ያውም እንደ መጀመሪያው ሳይሆን፣ ከሌላ ምስል ጋር ተገጣጥሞ።

በዚያች የዘመን መለወጫ ዕለት የወሎ ረኃብተኛ ይታያል፤ ቀጥሎ ጃንሆይ ውሾቻቸውን ሥጋ ሲያበሉ ይታያል። ዐፅሙ የገጠጠ ሕፃን ይመጣል፤ ቀጥሎ የቤተ መንግሥት ድግስ ይመጣል። ደርግ ጃንሆይ ራሳቸው ፊልሙን እንዲመለከቱ አስቀድሞ መልእክት እንደላከባቸው ይተረካል። በማግሥቱ፣ መስከረም 2 ቀን፣ ንጉሠ ነገሥቱ ከኢዮቤልዩ ቤተ መንግሥት በቮልስዋገን ተወሰዱ። ዙፋኑን የጣለው ፊልሙ አይደለም፤ ወታደሩ፣ ተማሪው፣ ታክሲ ነጂውና መምህሩ ለወራት ሲነቀንቁት ቆይተዋል። ፊልሙ ያደረገው ሕዝቡ ለሽማግሌው ንጉሥ እንዳያዝን ልቡን ማደንደን ነው።

ጣቢያው በ1957 ዓ.ም. የተቋቋመ፣ ገና 10 ዓመት ያልሞላው ነበር። ሙያው በአገራችን ጨቅላ ቢሆንም ዘዴው ግን አዲስ አልነበረም። ሩሲያዊው ኩሌሾቭ የአንድን ተዋናይ ያልተለወጠ ፊት አንድ ጊዜ ከሾርባ ሳህን፣ ሌላ ጊዜ ከሬሳ ሣጥን ጋር አጋጥሞ፣ ተመልካቹ በዚያው ፊት ላይ ረኃብንም ኀዘንንም እንደሚያነብ አሳይቶ ነበር። ኤስፊር ሹብ የተባለችው ኤዲተር ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1927 የዛሩን የራሱን ካሜራ አንሺዎች ሥራ ሳይቀር ሰብስባ፣ ቆራርጣና ቀጣጥላ «የሮማኖቭ ሥርወ መንግሥት ውድቀት»ን ሠራች። ለክብሩ የተነሣው ምስል ምስክር ሆኖበት ተገኘ።

እንግዲህ ጥያቄው፦ የ1967ቱ ፊልም ዋሽቷልን? ምስሎቹ እውነት ነበሩ። ወሎም ተርቧል፤ በሐምሌ 1964 ዓ.ም. የጃንሆይ 80ኛ ዓመት ልደትም ተከብሯል። ፍርዱ የተሰጠው በምስሎቹ መገጣጠሚያ ላይ ነው። መገጣጠሚያው «የረኃቡ ምክንያት ይህ ሰው ነው» ይላል። የመሬት ሥሪቱን፣ ሹሙን፣ ገበያውን ግን አያሳይም። አማርትያ ሴን እ.ኤ.አ. በ1981 ባሳተመው ጥናት እንዳመለከተው፣ የወሎ ገበሬ ያለቀው በአገሪቱ እህል ስለ ጠፋ ሳይሆን፣ ምርቱ ሲከስምበት የሚገዛበት አቅም በማጣቱ ነው። ይህን በሁለት ምስል መካከል መቀጠል አስቸጋሪ ነው፤ ውሻና ሥጋ ይቀልላል።

ከመቀሱ ውጭ የቀረ ሌላም አለ። በ1966 ዓ.ም. ረኃቡ ሐረርጌንም መትቶ ነበር። የኢሳና የኦጋዴን አርብቶ አደር ከብቱ ሲያልቅበት፣ የተረፈችውም ከብት በእህል ስትመነዘር ዋጋዋ ወደቀ። ድሬዳዋና እንደ ዋሂል ያሉ የገጠር መንደሮቿ ያኔ በሐረርጌ ጠቅላይ ግዛት ሥር ነበሩ። እኔ የዚህ አካባቢ ሰው እንደ መሆኔ ዘወትር የሚከነክነኝ ይህ ነው፦ ረኃባችን እንደ ወሎው ሁሉ ሕይወት ቀጥፏል፤ በትርክቱ ውስጥ ግን ቦታ አላገኘም። ለፖለቲካው አንድ ረኃብ በቂ ነበርና።

ደርግም ቢሆን ያ መቀስ ወደ እርሱ እንደሚዞር አላሰበም። መስከረም 2 ቀን 1977 ዓ.ም. የአብዮቱን 10ኛ ዓመት በታላቅ ድግስ አከበረ፤ ሰሜኑ ግን ዳግም እየረገፈ ነበር። ስድስት ሳምንት ሳይሞላ፣ ጥቅምት 13 ቀን፣ ማይክል በርክና ሞሐመድ አሚን ከኮረም የላኩት ዘገባ በቢቢሲ ታየ። ድግሱንና ኮረምን ጎን ለጎን ለማስቀመጥ ኤዲተር እንኳ አላስፈለገም፤ የዘመን አቆጣጠሩ ራሱ ገጣጠማቸው። በሰው ላይ የቆፈሩት ጉድጓድ ይሏል ይህ ነው።

ዛሬ መቀሱ በእያንዳንዳችን ኪስ ውስጥ ነው። ከ2013 እስከ 2015 ዓ.ም. በዘለቀው የሰሜኑ ጦርነት ወቅት የየወገኑን ሙት ከየወገኑ ጭፈራ ጋር እያጋጠምን ስንቱን አቃቃርን! የምናየው ምስል እውነት ሊሆን ይችላል። ነገር ግን አንባቢ ሆይ፣ ከሁለቱ ምስሎች መካከል ምን ተቆርጦ እንደ ወደቀ ሳትጠይቅ አትፍረድ። ያን ጊዜ ባለመጠየቃችን የከፈልነውን ዋጋ የቀጣዮቹ 17 ዓመታት ይመስክሩ።

ቸር ያሰንብተን።