ቃራሚዋ

ቃርሚያ ለእኛ እንግዳ ቃል አይደለም። አዝመራው ከተሰበሰበ በኋላ በማሳው ላይ የቀረውን ዘለላ መልቀም የድኻ፣ ይልቁንም ባል የሞተባት ሴት ድርሻ እንደ ነበረ መጽሐፈ ሩትን ያነበበ ሁሉ ያውቃል። የፈረንሳይዋ የፊልም ዳይሬክተር አኜስ ቫርዳ እ.ኤ.አ. በ2000 ያወጣችውን ዘጋቢ ፊልም ርእስ ወደ አማርኛ ስመልስ የተደሰትኩትም ለዚህ ነው፦ «ቃራሚዎቹና ቃራሚዋ»። የእንግሊዝኛው ትርጉም የመጨረሻውን ቃል «እኔ» ብሎ ያልፈዋል። አማርኛችን ግን እንደ ፈረንሳይኛው ሁሉ ሴቲቱን ለብቻዋ ያቆማታል።

ያቺ ነጠላ ቃራሚ ራሷ ቫርዳ ናት። ፊልሙ የሚነሣው ሚሌ በ1857 ከሳላቸው ሦስት ጎንበስ ያሉ ቃራሚ ሴቶች ነው። ቀጥሎ ዡል ብረቶን የሳላት፣ ነዶዋን ተሸክማ ቀጥ ብላ የቆመች ሴት ትመጣለች። ቫርዳም ነዶ በትከሻዋ አድርጋ ከሥዕሉ አጠገብ ትቆማለች፤ ከዚያ ነዶውን ትለቅና ትንሽ ዲጂታል ካሜራ ታነሣለች።

ካሜራው ትንሽ መሆኑ ቀላል ነገር አይደለም። ቫርዳ ከ1954 ጀምሮ በራሷ ትንሽ ኩባንያ ስትሠራ የኖረች ሴት ብትሆንም፣ የቀድሞው ከባድ መሣሪያ የብዙ ሰው ጉልበት ይጠይቅ ነበር። በ1962 በወጣው «ክሌዮ» በተሰኘው ፊልሟ የሞትን ፍርሃት የሰጠችው ለአንዲት ቆንጆ ወጣት ተዋናይት ነበር። ከ38 ዓመት በኋላ ግን በአንድ እጇ ካሜራውን ይዛ ሌላውን እጇን ቀረጸች፤ የተሸበሸበውን፣ ነጠብጣብ የበዛበትን የሰባ ዓመት እጅ። ቆዳው እስኪያስፈራት ድረስ ቀረበችው። ሲኒማ እንዲህ ያለውን እጅ ይጥላል፤ በፊልሙ ውስጥ ነጋዴዎች ቅርጹ ያላማራቸውን ድንች በቶን እየጫኑ ሜዳ ላይ እንደሚደፉት። ቫርዳ ከዚያ ክምር ውስጥ የልብ ቅርጽ ያላቸውን መርጣ ወደ ቤቷ ወሰደች።

አንድ ነገር ግን ሲከነክነኝ ቆይቷል። በዚህ ፊልም ውስጥ ገበያ ሲበተን ከመሬት ያነሡትን የሚበሉ ሰዎች አሉ፤ እርሷ የምትለቅመው ምስል ነው። ራስን ከእነርሱ ተርታ ማሰለፍ ድፍረት አይሆንምን? ደጋግሜ ካየሁት በኋላ መልሱን እዚያው ርእሱ ላይ ያገኘሁት መሰለኝ። እነርሱ በብዙ ቁጥር፣ እርሷ በነጠላ፤ በመካከላቸው «ና» አለች። ታያይዛለች እንጂ አታዋሕድም።

ድንቾቹስ? አልጣለቻቸውም። ሲጨማደዱና ሲያቆጠቁጡ ቀረጸቻቸው። በ2003 በቬኒስ ቢየናሌ የድንች ትርኢቷን ስታቀርብ፣ የሰባ አምስት ዓመቷ አሮጊት ራሷ የድንች ልብስ ለብሳ በጎብኚዎች መካከል ትዞር ነበር።