ሕንዶቹም ገዳይ አሻንጉሊት አላቸው፦ ከ«ፓፒ ጉዲያ» እስከ «ፉንክ 2»

ፍላሽ ይዞ ፊልም ቤት ሄዶ «የሕንድ ሙላልኝ» የሚል ሰው የሚጠብቀው ፍቅር፣ ዘፈንና ድብድብ ነው። አሻንጉሊት ሰው ሲገድል አያለሁ ብሎ የሚሄድ የለም። ግን እንዲህ ዓይነት የሕንድ ፊልሞችም አሉ። ዛሬ ሦስቱን እናስተዋውቃችሁ። (ዓመቶቹ እ.ኤ.አ ናቸው።)

በጣም የታወቀው «ፓፒ ጉዲያ» ነው፤ «ኃጢአተኛዋ አሻንጉሊት» ማለት ነው። በ1996 የወጣ ሲሆን ዳይሬክተሩ ላውረንስ ዲሱዛ፣ መሪ ተዋናይቷ ካሪዝማ ካፑር ናት። ታሪኩ የተቀዳው ከ1988ቱ የአሜሪካ ፊልም «ቻይልድስ ፕሌይ» ነው፤ ያው ቸኪ የምትሉት። ፖሊስ የመታው ነፍሰ ገዳይ ሊሞት ሲል በድግምት ነፍሱን አሻንጉሊት ውስጥ ያስገባል። አሻንጉሊቱ ሕፃን ልጅ እጅ ይገባል። ልጁ «አሻንጉሊቴ ያወራል» ቢል ማን ይመነው?

በሕንዱ ገዳዩን የሚሠራው ሻክቲ ካፑር ነው። የድሮ የሕንድ ፊልም ያየ ሰው ያንን ክፉ ፊት አይረሳውም። የአሜሪካው ገዳይ በቩዱ ሲደግም የሕንዱ የአገሩን ታንትራ ይጠቀማል፤ በእኛ አነጋገር መተተኛ ነው። ሌላም ለውጥ አለ፦ በአሜሪካው ለልጁ የምትታገለው እናቱ ናት፣ በሕንዱ ታላቅ እህቱ ሆናለች። ለምን ቢባል፣ እንደኛ ግምት ካሪዝማ ፍቅር ይዟት መዝፈን ስላለባት ነው። እውነት ለመናገር ፍርሃቱን የሚያበላሸውም ዘፈኑ ነው። ልብህ ሊቆም ሲል ጭፈራ ይጀመራል!

ለእኛ የሚበልጥብን ግን ከሱ 5 ዓመት ቀድሞ በ1991 የወጣው የታሚል ፊልም «ቫ አሩጊል ቫ» ነው። እዚህ አሻንጉሊቷ ውስጥ ያለችው ወንጀለኛ ሳትሆን የባሏ ቤተሰቦች የገደሏት ሚስት ናት። ስለዚህ ስትበቀል ተመልካቹ የሚያግዘው አሻንጉሊቷን ነው። ለሕንዶች ይሄ ተረት ብቻ አይደለም። እኛ ጋ ጥሎሽ የሚያመጣው ወንዱ ነው፤ እዚያ የሴቷ ቤተሰብ ነው የሚከፍለው። በ1961 በሕግ ቢከለከልም «ያመጣሽው አነሰ» እየተባሉ የሚገደሉ ሙሽሮች አሉ። በ2022 ብቻ ከ6 ሺህ በላይ የጥሎሽ ሞት ተመዝግቧል። ፊልሙን ይህን እያሰባችሁ እዩት።

ሦስተኛው የ2010ሩ «ፉንክ 2» ነው። «ፉንክ» ማለት «እፍ» እንደማለት ነው። አንዲት ልጅ ጫካ ውስጥ አሻንጉሊት አግኝታ ቤት ይዛ ትመጣለች፣ ከዚያ ጣጣው ይጀምራል። የመጀመሪያው «ፉንክ» በ2008 ሲወጣ ዳይሬክተሩ ራም ጎፓል ቫርማ ሲኒማ ቤት ብቻውን ተቀምጦ ለሚጨርስ ሰው 500 ሺህ ሩፒ እሸልማለሁ ብሎ ነበር። አሻንጉሊቱ ያለው ግን ሁለተኛው ላይ ነው፤ ስታስሞሉ ቁጥሯን አትርሱ።